እጣ ያጎራበተንን ዜና ሲለያየን

የምኖረው ቱሉ ዲምቱ ነው። አዲስ አበባ የምታልቅበት፣ የአዳማው ፈጣን መንገድ የሚጀምርበት አካባቢ። እዚህ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ጎረቤቱን መርጦ የመጣ ሰው የለም። እጣ ወጣ፣ ስማችን ጋዜጣ ላይ ታተመ፣ ቁልፍ ተረከብን፣ ገባን። ተከራዩም ቢሆን ኪሱ የቻለውን ቤት ነው የፈለገው እንጂ ማን አጠገብ እንደሚኖር አላጣራም። ስለዚህ በአንድ ደረጃ የምንወጣና የምንወርድ ሰዎች አገራችን ለየቅል ነው። ቤት ውስጥ የምንናገረው ቋንቋ ይለያያል፣ የምንጾመው ጾም ይለያያል። ውሃ በፈረቃ በምትመጣበት ሌሊት ግን ሁሉም ጀሪካኑን ይዞ ይወጣል። ቀድሞ የሰማ የሌላውን በር ያንኳኳል።

መጻፍ የፈለግኩት ስለ ዜና ነው። ሰው ተገደለ፣ መንደር ተቃጠለ፣ ቦምብ ፈነዳ ስለሚለው ዜና። ይሄ ጉዳይ ሲነሳ ወሬያችን ብዙ ጊዜ “እውነት ነው ወይስ ውሸት?” ላይ ይቆማል። ሐሰተኛ ዜና ክፉ መሆኑን ማንም አይክድም። እኔን ይበልጥ የሚያስጨንቀኝ ግን እውነት ሆኖ ሳለ ሰፈር የሚያፈርሰው ዜና ነው። ግድያው ተፈጽሟል፣ ሰው ሞቷል። አቀራረቡ ግን ገዳዩን ትቶ ጎረቤቴን ያስጠረጥረኛል።

እንዴት እንደሚሆን ልንገራችሁ። ራቅ ባለ ወረዳ ታጣቂዎች ሰው ይገድላሉ። ማታ በሁለት ሰዓት ዜና “የጥፋት ኃይሎች በንጹሃን ላይ ጥቃት አደረሱ” ተብሎ ይነበባል። “እርምጃ እየተወሰደ ነው” ይከተላል። ቀጥሎ “አካባቢው ወደ ቀድሞ ሰላሙ ተመልሷል”። ከዚያ ስፖርት። ስንት ሰው ሞተ? የት ቀበሌ? እነማን ናቸው የሞቱት? ማን ነው የገደለው? ምንም የለም። በዚያው ሌሊት ዩቲዩብ ክፍተቱን ይሞላዋል። ቀይ ፊደል፣ የምታለቅስ እናት ፎቶ፣ ከበስተጀርባ የሚያስፈራ ሙዚቃ። የዚህኛው ተናጋሪ ደግሞ ጥርጣሬ የሚባል ነገር የለበትም። ይሄ ብሔር ያንን ብሔር ፈጀው ብሎ ያርፋል።

አንዱ ገዳይ የሌለው ግድያ ይነግረናል። ሌላው ሚሊዮኖችን ገዳይ ያደርጋል። ጠመንጃ ይዞ ቃታ የሳበው ሰውዬና ያዘዘው ሰውዬ በሁለቱ መሃል ይሰወራሉ። ጥይት የሚተኩሰው ሰው ነው። ስም አለው፣ አዛዥ አለው፣ መሣሪያውን ያገኘበት ቦታ አለ። ስለዚህ ሰው መጠየቅ ከባድ ሥራ ነው፤ አንዳንዴም አደገኛ ነው። ብሔር መጥራት ግን ምንም አይጠይቅም።

ይሄ ነገር ሰፈር ውስጥ ሲገባ ምን እንደሚመስል አይቻለሁ። ከብሎካችን ሥር ሱቅ ያለው ሰውዬ አለ። ዳቦውን በፕላስቲክ ሳጥን በር ላይ ያስቀምጣል፣ ዱቤ ይሰጣል። ደብተሩ ላይ የግማሻችን ስም አለ። አንዳንዱ በቤት ቁጥር ነው የተጻፈው፣ አንዳንዷ “የእገሌ እናት” ተብላ። ልጁ ከትምህርት ቤት ሲመጣ ባንኮኒው ጀርባ ጆንያ ላይ ተቀምጦ የቤት ሥራውን ይሠራል። አንድ ሰሞን እሱ ከሚናገረው ቋንቋ ጋር የተያያዘ የግድያ ዜና መጣ። ቪዲዮም ነበረው። ማታውን በየስልኩ ዞረ።

በማግስቱ ማንም አልሰደበውም። ድንጋይ የወረወረ የለም። ሁሌ ሁለት ሰዓት ላይ ባዶ የሚሆነው የዳቦ ሳጥን ግን ረፋዱ ላይ ግማሹ ነበር። ሴቶቹ ከሌላ ሱቅ ዳቦ ገዝተው ሲመለሱ፣ እሱ በር ላይ ሲደርሱ ፌስታሉን ወደ ሌላኛው እጃቸው ያዞሩታል። ሬድዮውን አጥፍቶታል። ልጁን ገና ከደጅ ሲያየው “ቤት ግባ” አለው። ከዚያ ዱቤያቸውን የሚዘጉ ሰዎች በዙ። እየመጡ “ያለብኝን ንገረኝና ልክፈል” ይሉታል። በኋላ ሲነግረኝ እንዲህ አለኝ። “ገንዘቤ ስለገባ ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ግን ዱቤ የሚዘጋ ሰው ሊርቅህ ያሰበ ሰው ነው። እኔ ግድያው የተፈጸመበትን አካባቢ ስለቅ ልጄ ገና አልተወለደም ነበር።”

ምን ብሔር እንደሆነ አልጽፍም። እናንተም እዚህ ስትደርሱ ለመገመት ሞክራችሁ ይሆናል። አልፈርድባችሁም፣ ለምደነዋል። ያስለመደን ግን ማን ነው? ለዓመታት የጥቃት ዜና ሲቀርብልን የመጀመሪያው ጥያቄ “የማን ወገን?” ሆኖ ቀርቦልናል። ማን አደረገ፣ ለምን አደረገ፣ ማን ማስቆም ይችል ነበር የሚሉት ቢነሱም መጨረሻ ላይ ነው የሚነሱት። ብዙ ጊዜ ደግሞ ጭራሽ አይነሱም።

ጌላን ከኛ ሰፈር ሩቅ አይደለም። ሰኔ 22 ቀን 2012 ማታ ድምፃዊ ሃጫሉ ሁንዴሳ የተገደለው እዚያው ጌላን ኮንዶሚኒየም አካባቢ ነው። በማግስቱ ኢንተርኔት ተዘጋ። ወደ ሦስት ሳምንት ገደማ እንደተዘጋ ቆየ። ያን ጊዜ የገባኝ ነገር ኢንተርኔት ሲዘጋ ወሬ እንደማይዘጋ ነው። ወሬው በስልክ ጥሪ መጣ፣ በታክሲ መጣ፣ በደረጃ ላይ መጣ። እያንዳንዱ ወሬ የየራሱን ገዳይ ይዞ ነው የመጣው። ገዳዩ ደግሞ አንድ ሰው አልነበረም፤ ሁሌም ሕዝብ ነበር። በእነዚያ ቀናት በአዲስ አበባና በኦሮሚያ ከተሞች ብዙ ሰው ሞተ፣ ቤትና ሱቅ ተቃጠለ። አጣርቶ የሚናገር ሚዲያ የዚያን ያህል ያስፈለገበት ጊዜ አላስታውስም። ያን ጊዜ የነበረን ግን የተዘጋ መስመርና የተከፈተ አፍ ነበር።

ከአንድ ዓመት በኋላ ፍርድ ቤት በግድያው ጥፋተኛ ባለው ሰው ላይ የዕድሜ ልክ እስራት ፈረደ። ከዚያች ማታ ወሬ ጋር ሲነጻጸር በኛ ሰፈር ስለ ፍርዱ ያወራ ሰው አልነበረም ማለት ይቻላል። ፍርድ ቤት የሚፈርደው በስም ጠርቶ ነው። ወሬው በሕዝብ ላይ ፈርዶ ከጨረሰ ቆይቶ ነበር። ሚዲያዎቻችን ለመጀመሪያው ሌሊት ከሰጡት ጉልበት ሩቡን ለፍርዱ ቀን ቢሰጡት ኖሮ ስንት ሰው ልቡ ላይ የያዘውን ያወርድ ነበር እያልኩ አስባለሁ።

ሰኔን ካነሳሁ አይቀር። “ሰኔና ሰኞ” የሚባል ነገር አለ እኛ ዘንድ። ክፉ ነገር ሲገጣጠም ነው። ሰኔ 16 ቀን 2010 በመስቀል አደባባይ ሰልፍ ላይ ቦምብ ተወረወረ፤ ሁለት ሰው ሞተ፣ ከ100 በላይ ቆሰለ። ሰኔ 15 ቀን 2011 ባህር ዳርና አዲስ አበባ ላይ ባለሥልጣናትና ጄኔራሎች ተገደሉ። ከዚያ ሰኔ 2012፣ ከዚያ የቶሌ ግድያ ሰኔ 2014፤ እመለስበታለሁ። እናቴ አሁን ሰኔ ሲገባ ስልኬ ካልተነሳ ትደነግጣለች። ሰበር ዜና የሚባለው ነገር እንዲህ ነው ሰው ገላ ውስጥ የገባው።

ችግሩ ግን የኛ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 19 ቀን 1995 በአሜሪካ ኦክላሆማ ሲቲ የመንግሥት ሕንፃ በቦምብ ሲፈርስ 168 ሰው ሞተ። በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ቴሌቪዥኖች ባለሙያ እየጠሩ ስለ መካከለኛው ምሥራቅ ያወሩ ነበር። ወደ ዮርዳኖስ ይጓዝ የነበረ አንድ አረብ አሜሪካዊ ለንደን ላይ ተይዞ ተመለሰ፣ ተመረመረ። ቦምቡን ያፈነዳው ግን ቲሞቲ ማክቬይ የሚባል ነጭ አሜሪካዊ፣ የቀድሞ ወታደር ነበር። 16 ዓመት ቆይቶ፣ እ.ኤ.አ. ሐምሌ 22 ቀን 2011፣ ኖርዌይ ውስጥ ኦስሎና ኡቶያ ደሴት ላይ 77 ሰው ተገደለ። እንደገና የመጀመሪያው ግምት ወደ ሙስሊሞች ሄደ። ገዳዩ ግን ኖርዌያዊ፣ የቀኝ አክራሪ ነበር። ከግምቱ እስከ እርማቱ ያሉት ሰዓታት ጥቂት ናቸው። በእነዚያ ሰዓታት ግን ኦስሎ ውስጥም እንደኛ ባለሱቅ በሩ ላይ የቆመ ሰው ነበር። እርማቱ ለሱ እንዴት ይደርሰዋል? ዜናው የግምቱን ያህል ጮክ ብሎ አያርምም።

ኖርዌይ ላይ የወደድኩት አንድ ነገር ግን አለ። እ.ኤ.አ. በ2012 የገዳዩ ችሎት ሲካሄድ ዳግብላዴት የተባለው ጋዜጣ ድረ ገጹ ላይ አንድ ቁልፍ አስቀመጠ። ስትጫነው የችሎቱ ዜና ከፊትህ ይነሳል። ልጁን የቀበረ አባት ጠዋት ስለ አየር ጠባይ ለማንበብ ሲከፍት የገዳዩን ፊት እንዳያይ ነው። ትንሽ ነገር ናት። ግን አንድ ሰው ተቀምጦ “ይህን ዜና የሚያነበው ማን ነው?” ብሎ ጠይቋል ማለት ነው።

እኛ እኮ ይህን ጥያቄ የምናውቅ ሕዝብ ነን። መርዶ አለን። ሞት ለባለቤቱ እንዴት እንደሚነገር ከማንም ሳንማር እናውቃለን። መርዶ የሚነገረው ማለዳ ነው፣ ሰው ለሥራ ሳይወጣ። ነጋሪ ብቻውን አይመጣም። ማታውኑ ይመከራል፤ ማን ይናገር፣ ማን አጠገቧ ይቁም፣ ስኳር ወይ ደም ግፊት አለባት ወይ፣ ልጆቹ የት ይሁኑ። የኛ ብሎክ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ያሉ እናት ልጃቸው ሩቅ አገር ሲሞት ያየሁት አይረሳኝም። ገና ሳይነጋ ደረጃው ላይ እግራቸውን እያለሰለሱ የሚወጡ ሰዎች ነበሩ። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀዋል። ከጎረቤት ጠንከር ያሉ ሁለት ሴቶች ተመርጠው ፊት ሆነዋል፣ ሲወድቁ የሚይዟቸው። በሩ ተንኳኳ። ከፈቱ። ማንም ገና አልተናገረም። ከሰዎቹ ብዛት ገባቸው። በስተግራ ያለችው ሴት ወገባቸውን ያዘች። በዚያች ቅጽበት እሳቸውን የያዙት እጆች የስንት አገር እጆች እንደነበሩ የቆጠረ የለም።

አሁን ሚያዝያ 11 ቀን 2007ን አስቡ። ራሱን እስላማዊ መንግሥት ብሎ የሚጠራው ቡድን ሊቢያ ውስጥ ወደ 30 የሚሆኑ ኢትዮጵያውያን ክርስቲያኖችን ሲገድል የሚያሳይ ቪዲዮ ለቀቀ። ጨርቆስ ሰፈር ያሉ ቤተሰቦች ልጆቻቸውን የለዩት ከዚያው ምስል ላይ ነው። በአገር ደረጃ የሦስት ቀን ሐዘን ታወጀ። መርዶ ነጋሪው ግን ገዳዩ ራሱ ነበር። ማለዳ አልጠበቀም። ደጋፊ ሴቶች አላቆመም። በጥሩ ካሜራ ቀርፆ፣ አቀናብሮ፣ ዓርማውን ለጥፎ ላከው። እኛ ደግሞ አዝነን፣ ተቆጥተን፣ እያለቀስን ለሌላው አስተላለፍነው። ሐዘናችን ልባዊ ነበር። የገዳዩ እቅድ ግን በትክክል ያ ነበር፤ ከሊቢያ ባህር ዳርቻ ጨርቆስ ድረስ ያደረሰው የኛ ጣት ነው።

ኒውዚላንድ ውስጥ ክራይስትቸርች ከተማ እ.ኤ.አ. መጋቢት 15 ቀን 2019 ሁለት መስጊዶች ላይ 51 ሰጋጆችን የገደለው ሰውም ይህንኑ ነበር ያሰበው። ግድያውን በፌስቡክ በቀጥታ አስተላለፈ። ፌስቡክ በመጀመሪያዎቹ 24 ሰዓታት ብቻ 1.5 ሚሊዮን የቪዲዮውን ቅጂዎች እንዳነሳ ተናገረ። እስቲ አስቡት፤ ያ ሁሉ ቅጂ አንድ ሰው ብቻውን ያሰራጨው አይደለም። የጊዜው ጠቅላይ ሚኒስትር ጃሲንዳ አርደርን ስሙን በፍጹም እንደማይጠሩ ለፓርላማው ተናገሩ። የአገሪቱ አምስት ትልልቅ ሚዲያዎች ደግሞ ተሰብስበው ችሎቱን እንዴት እንደሚዘግቡ ተስማሙ። የገዳዩን ፍልስፍና አናስፋፋም፣ ምልክቱን አናሳይም አሉ። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2020 ፍርድ ሲሰጥ ለቀናት የሰማነው የሟች ቤተሰቦችን ድምፅ ነበር። ገዳዩ በአመክሮ የማይፈታበት የዕድሜ ልክ እስራት ተፈረደበት፤ በአገሪቱ ታሪክ የመጀመሪያው ነው። በንግድ የሚወዳደሩ ሚዲያዎች እንዲህ መስማማታቸው ቀላል ነገር አይደለም። እዚህ አገርም ይቻላል ብዬ አምናለሁ። ትልቅ ገንዘብ አይጠይቅም።

ጎረቤታችን ኬንያ ደግሞ ሌላ ነገር አስተምራናለች። እ.ኤ.አ. ጥር 15 ቀን 2019 ናይሮቢ ውስጥ ዱሲት ዲ2 ሆቴል ላይ አልሸባብ ባደረሰው ጥቃት 21 ሰው ተገደለ። ኒውዮርክ ታይምስ ካፌ ውስጥ ወንበር ላይ እንዳሉ የሞቱ ሰዎችን ፎቶ አወጣ። ኬንያውያን ተነሱ። ጥያቄያቸው አጭር ነበር፤ የናንተ ከተማ ቢሆን፣ የናንተ ሰው ቢሆን ይህን ታወጡት ነበር ወይ? ጋዜጣው የጥቃቱን አስከፊነት ለማሳየት ነው አለ። ቤተሰብ መኖሩን ግን የረሳ መልስ ነው። የነጭ አስከሬን የተሸፈነ፣ የጥቁር አስከሬን የተገለጠ የሆነበትን ዓለም ስናይ ነው ያደግነው። የሚያሳዝነው፣ አሁን እኛው በእኛው ላይ ያንኑ እያደረግን መሆናችን ነው። የሞተው የራሳችን ወገን ሲሆን ፊቱን እንሸፍናለን። የሌላው ሲሆን አቅርበን እናሳያለን።

እዚህ ጋ አንድ ክርክር እንዳለ አውቃለሁ፣ ከባድ ክርክር ነው። “አስከሬን አታሳዩ፣ ብሔር አትጥሩ ማለት እኮ ገዳይን መደበቅ ነው” የሚሉ ሰዎች አሉ። መልስ አለኝ ብዬ በቀላሉ አላልፋቸውም። ሰኔ 11 ቀን 2014 ምዕራብ ወለጋ፣ ጊምቢ ወረዳ፣ ቶሌ ላይ የሆነውን አስታውሱ። የዓይን እማኞች በመጀመሪያዎቹ ቀናት ከ200 በላይ ሰው መሞቱን ተናገሩ። የመንግሥት ቃል አቀባይ 338 ሟቾች መለየታቸውን የተናገሩት ከአሥር ቀን በላይ ቆይቶ ነው። መንግሥት ሸኔ ብሎ የሚጠራውን ቡድን ከሰሰ። ራሱን የኦሮሞ ነጻነት ሠራዊት የሚለው ይኸው ቡድን አላደረግኩም ብሎ መንግሥትን ከሰሰ። ብዙው ዘገባ ሁለቱን ክስ ጎን ለጎን አስቀምጦ ቆመ። የሞቱት አብዛኞቹ አማሮች ነበሩ። ሰው በማንነቱ ተመርጦ ሲገደል ማንነቱን መዝለል ውሸት ነው። “ንጹሃን ዜጎች” ብሎ ማለፍ ሟቾቹን ሁለተኛ መግደል ነው። ስለዚህ የተገደለው በማንነቱ ከሆነ ይነገር፣ በግልጽ ይነገር። የገደለው ግን በድርጅቱ፣ በአዛዡ፣ ከተገኘም በስሙ ይጠራ እንጂ ቋንቋውን በሚናገሩት ሁሉ አይጠራ። አንዳንድ ሰው ይሄ ልዩነት የመጽሐፍ ነው ይለኛል። እኔ ግን ዱቤ ደብተሩ ላይ አይቼዋለሁ።

ቪዲዮም እንዲሁ ነው። በ2013 ትግራይ ውስጥ ማኅበረ ደጎ አቅራቢያ ወታደሮች ያልታጠቁ ሰዎችን ገድለው ከገደል ሲወረውሩ የሚያሳይ ቪዲዮ ወጣ። ቢቢሲና ሲኤንኤን የገደሉን ቅርጽና የተራራውን መስመር ከሳተላይት ምስል ጋር እያመሳከሩ ቦታውን ለዩት። ቪዲዮው ባይኖር ኖሮ “አልሆነም” ተብሎ ይቀር ነበር። ስለዚህ አጥፉት አልልም። ያንን ቪዲዮ የሚፈልገው መርማሪ ነው፣ ዳኛ ነው፣ ማጣራት የሚችል ጋዜጠኛ ነው። ማታ እራት ላይ ልጁን አጠገቡ አስቀምጦ ስልኩን የሚነካካ አባት ምን ያደርግለታል? ማስረጃ ለሚሠራበት ሰው ሲደርስ ፍትሕ ይሆናል። ለሁላችን ሲበተን ዱቤ ያስዘጋል።

ሩዋንዳን ሳያነሳ ስለዚህ ጉዳይ የሚናገር ሰው የለም። ልክ ናቸው፤ ሚል ኮሊን የተባለው የሩዋንዳ ሬድዮ ጣቢያ ሰው አስጨርሷል፣ አሩሻ የነበረው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤትም እ.ኤ.አ. በ2003 በአንዳንድ መሥራቾቹ ላይ ፈርዷል። ግን ሩዋንዳን ብቻ ስናይ ችግሩ “ግደሉ” ብሎ የሚጮህ ጣቢያ ብቻ ይመስለናል። የኛ ባለሱቅ ዳቦው የቀረው ማንም ግደሉ ስላለ አይደለም። የጥላቻ ንግግርና የሐሰተኛ መረጃ አዋጅ፣ ቁጥር 1185/2012፣ አለን። ማኅበራዊ ሚዲያዎች እንዲህ ያለ ነገር ሲነገራቸው በ24 ሰዓት ውስጥ ያንሱ ይላል፣ ከ5,000 በላይ ተከታይ ባለው ገጽ ሐሰት የሚያሰራጨውን ቅጣት ያከብዳል። ይኑር። ግን ሕግ የሚይዘው የተሳደበውንና የዋሸውን ነው። እውነት ይዞ በክፉ የሚያቀርበውን የሚይዘው የሙያ ሕሊና ብቻ ነው።

ከጋዜጠኛ የምፈልገው ብዙ አይደለም። የማታውቁትን አላወቅንም በሉ። “ማን እንዳደረሰው እስካሁን አልተረጋገጠም” የሚል ዓረፍተ ነገር ሰፈር ያድናል። ጮክ ብላችሁ፣ መጀመሪያ ላይ በሉት። ቤተሰብ ሳይሰማ ፊት አታሳዩ። እና ተመለሱ። ካሜራው ከሄደ በኋላ እግሩን ያጣው ልጅ ትምህርት ጀመረ ወይ? የተፈናቀለችው ሴት የት ናት? የተያዙት ሰዎች ክስ ምን ደረሰ?

የብሎካችን ቴሌግራም ግሩፕ በዋናነት ስለ ውሃ፣ ስለ መብራትና ስለ ጥበቃ መዋጮ ነው የሚያወራው። ከዚያ ሰሞን በኋላ ግን የግድያ ቪዲዮ አይለጠፍበትም ተባለ። አብዛኞቻችን ተስማማን። አራተኛ ፎቅ ያለ አንድ ወጣት ግን አልተስማማም። አጎቱ እንዲህ ባለ ጥቃት ነው የሞቱት። “ለሰፈራችሁ ሰላም ብላችሁ የኔን ሰው ሞት ደበቃችሁ” አለን። ግሩፑ ጸጥ አለ። በኋላ ኮሚቴው ቤቱ ሄዶ አነጋገረው። እኔም ነበርኩ። ሲያወራ ቪዲዮውን ራሱም አጥብቆ እንደማይፈልገው ገባኝ። እሱ የሚፈልገው አጎቱ “ንጹሃን” ከሚለው ቃል ውስጥ እንዲወጡለት ነው። በሕይወት ሳሉ የተነሱት ፎቶ አለው። ጋቢ ለብሰው፣ ከንብ ቀፎ አጠገብ ቆመው። ማር ይሸጡ ነበር። እሱንና ስማቸውን ለጠፈ፣ የሞቱበትን ቀንና ቦታ ጻፈ፣ የሚታወቀውን ብቻ። ብዙ ሰው “ነፍስ ይማር” አለው፣ ለቅሶም ሄድን።

አሁንም ግን እንደተናደደ ነው። በዚያ ጥቃት የተያዙ ሰዎች እንዳሉ ያን ጊዜ በዜና ሰምቷል። ከዚያ ወዲህ ክስ ተመሠረተ ወይ፣ ተፈቱ ወይ፣ የት ናቸው የሚል አንድም ዘገባ አላየም። ቤተሰቡም አልተጠራም። ይህን የምታነቡ ጋዜጠኞች ካላችሁ ጻፉልኝ፤ አገናኛችኋለሁ። ለመናገር ፈቃደኛ ነው፤ ቀኑንና ቀበሌውን በወረቀት ጽፎ ይዟል።